በአፍንጫው የሚናገረው አሽከር፦ የቴዎ ሊንገን ሳቅና ዝምታ

ሃይዲን ብዙዎቻችን እናውቃታለን። ከስዊዘርላንድ ተራራ ወርዳ ፍራንክፈርት የሀብታም ቤት የምትገባው ትንሽ ልጅ ናት። በዚያ ቤት ሴባስቲያን የሚባል አሽከር አለ። የቤቱን አዛዥ ሴትዮ ቁጣ ቀጥ ብሎ ይሰማል፤ ለልጅቷ ግን ያዝንላታል። እ.ኤ.አ. በ1952 የተሠራውን ጥቁርና ነጭ ፊልም አንድ ቅዳሜ ከልጆቼ ጋር ቁጭ ብለን አየነው። ትንሿ ልጄ «ይሄ ሰውዬ ለምንድነው በአፍንጫው የሚያወራው?» አለችኝ። መልስ አልነበረኝም። ማታ ላይ ስሙን ፈለግሁ። ቴዎ ሊንገን ይባላል።

ፍለጋዬ በስሙ አላበቃም። ሰውዬው ከ200 በላይ ፊልሞች ላይ ተጫውቷል። ብዙ ጊዜ አሽከር ነው፣ ወይም አስተናጋጅ፣ ወይም ጸሐፊ፣ ወይም መምህር። ጀርመንና ኦስትሪያ ውስጥ ዕድሜው የገፋ ሰው ሁሉ ድምፁን ያውቀዋል። ከዚያ አስቂኝ ድምፅ በስተጀርባ ያለው ታሪክ ግን ምንም አያስቅም። (ከዚህ በኋላ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ጉዳዩ ያለፈ ታሪክ ብቻ አይደለም። በሰሜን ምዕራብ ጀርመን ሊንገን የምትባል ከተማ አለች። ተዋናዩ የመድረክ ስሙን የወሰደው ከእሷ ነው፤ አባቱ እዚያ ተወለደ። ከተማዋ አደባባይ በስሙ ልትሰይም ስታስብ ጥያቄ ተነሣ። በናዚ ዘመን ኮከብ የነበረ ሰው ይከበራል ወይ? ብዙ ከተነጋገሩ በኋላ አደባባዩ በስሙ ተሰየመ። ጥያቄው ግን ከአንድ አደባባይ በላይ ነው። በአምባገነን ሥር ሥራውን የቀጠለ አርቲስት እንዴት ይዳኛል? እኔ የሊንገንን ሕይወት ባነበብኩ ቁጥር ቶሎ መፍረድ እያቃተኝ ሄደ።

ከመጀመሪያው እንነሣ። ትክክለኛ ስሙ ፍራንዝ ቴዎዶር ሽሚትዝ ነው። ሰኔ 10 ቀን 1903 ሃኖቨር ውስጥ ተወለደ። ቲያትር የጀመረው በወጣትነቱ ነው። መጀመሪያ ላይ ሰው የሚያውቀው በቀልደኛነት አልነበረም። በዘመኑ አዲስና ደፋር የሚባለው ቲያትር ውስጥ የገባ ልጅ ነበር። የታዋቂው ጀርመናዊ ጸሐፌ ተውኔት የቤርቶልት ብሬሽት «ባለ ሦስት ሳንቲም ኦፔራ» በ1928 በርሊን ላይ ከተከፈተ በኋላ፣ ሊንገን ዋናውን ወንበዴ ማክሂዝን ተጫውቷል። በ1931 ፍሪትዝ ላንግ በሠራውና የዓለም ሲኒማ እስከ ዛሬ በሚያከብረው «ኤም» በተሰኘው ፊልም ውስጥም አለ። የላንግ ቀጣዩ የዶክተር ማቡዜ ፊልም ላይም ተጫውቷል። ያንን ፊልም ናዚዎች በ1933 ጀርመን ውስጥ እንዳይታይ አገዱት።

ከብሬሽት ጋር ያገናኘው ሥራ ብቻ አልነበረም። የብሬሽት የመጀመሪያ ሚስት ማሪያኔ ዞፍ የምትባል የኦፔራ ዘፋኝ ነበረች። በ1927 ተፋቱ። በዓመቱ ሊንገን አገባት። ከብሬሽት የወለደቻት ሃኔ ያኔ የ5 ዓመት ልጅ ናት። ያደገችውም በሊንገን ቤት ነው። ሊንገንና ማሪያኔ ደግሞ ኡርሱላ የምትባል ልጅ ወለዱ። ሁለቱም ልጆች አድገው ተዋናይ ሆነዋል።

እስቲ ይህን ቤት በ1933 እናስበው። በጥር መጨረሻ ሂትለር ሥልጣን ያዘ። በየካቲት መጨረሻ የፓርላማው ሕንጻ ተቃጠለ፤ በማግስቱ ብሬሽት አገር ጥሎ ወጣ። በግንቦት መጻሕፍቱ አደባባይ ላይ ተቃጠሉ። ሊንገን ቤት ውስጥ የዚህ ሰው ልጅ አለች። እናቷ ደግሞ የአይሁድ ትውልድ አለባት። በ1935 የአይሁዶችን መብት የገፈፉት የኑረምበርግ ሕጎች ሲወጡ እንዲህ ያለ ትውልድ የሞት ወይም የሕይወት ጉዳይ ሆነ። ከሚስቱ የማይፋታ አርቲስት ሥራውን ያጣል፤ ሥራውን ሲያጣ ለሚስቱ የሚሆን ከለላም አብሮ ይሄዳል።

ሊንገን አልፈታትም። ሥራውንም አላጣም። ምክንያቱ አጭር ነው፤ ሕዝቡ ይወደው ነበር። የፕሮፓጋንዳ ሚኒስትሩ ጎብልስ ልዩ ፈቃድ ሰጠው፤ በዚያ ፈቃድ መድረክና ካሜራ ፊት መቆሙን ቀጠለ። ከ1936 ጀምሮ በርሊን ባለው የፕሩሺያ መንግሥት ቲያትር፣ በጉስታፍ ግሩንድገንስ አመራር ሥር ይሠራ ነበር። ፊልሙም በላይ በላዩ ነው። አንዳንዱን ራሱ ይጽፋል፣ ወደ 20 የሚጠጉትን በዕድሜው ዳይሬክት አድርጓል።

እዚህ ላይ ቆም ብለን ሌሎቹን እንይ። ያለ እነሱ የሊንገን ምርጫ አይገባንም።

ዮአኪም ጎትሻልክ ቆንጆና ተወዳጅ የፊልም ተዋናይ ነበር። ሚስቱ ሜታ አይሁዳዊት ናት። ፍታት ቢሉት እምቢ አለ። በኅዳር 1941 ሚስቱና የ8 ዓመት ልጁ ሊጋዙ መሆኑን ሲያውቅ፣ ሦስቱም በርሊን ቤታቸው ውስጥ አብረው ሞቱ። ባልና ሚስቱ ልጃቸውንም ራሳቸውንም አጠፉ። ሃይንዝ ሩህማን ደግሞ የዘመኑ ትልቁ ኮሜዲያን ነው። አይሁዳዊት ሚስቱን በ1938 ፈታ፤ እሷ በኋላ ስዊድን ገብታ ተረፈች። የሊንገን የመድረክ ጓደኛ የነበረው ፒተር ሎሬ አገር ለቆ ወጣ። ቪየናዊው ሃንስ ሞዘር ሚስቱን ብላንካን አልፈታም፤ ለራሱ ለሂትለር ደብዳቤ ጽፎ ለምኗል። እሷ ወደ ቡዳፔስት ሄደች፣ እሱ ቪየና ቀርቶ መሥራት ቀጠለ። እንደገና አብረው መኖር የጀመሩት ከጦርነቱ በኋላ ነው።

አሁን ልብ በሉ። ሃንስ ሞዘርና ቴዎ ሊንገን በጀርመንኛ ፊልም ታሪክ ከታወቁት የኮሜዲ ጥንዶች አንዱ ናቸው። አንዱ አጭር፣ የሚያጉረመርም፣ ቃል የሚውጥ፣ እጁ የማያርፍ። ሌላው ቀጭን፣ ቀጥ ያለ፣ እያንዳንዱን ፊደል በአፍንጫው አጥርቶ የሚያወጣ። በ1942 የወጣው «የቪየና ደም» በሚባለው ፊልም ሁለቱም አሽከሮች ናቸው። ሰው በሳቅ ይፈርስ ነበር። በዚያው ዓመት ከቪየና አይሁዶችን የጫኑ ባቡሮች ወደ ምሥራቅ ይሄዱ ነበር። ካሜራው ፊት የቆሙት ሁለቱ ሰዎች ደግሞ ማታ ማታ ስለ ሚስቶቻቸው የሚጨነቁ ባሎች ናቸው። ይህን ካወቅሁ በኋላ ያንን ፊልም እንደ ድሮው ማየት አልቻልኩም።

አንድ ነገር ግን ሳልሸሽ መናገር አለብኝ። ያ ሳቅ ንጹሕ አልነበረም። ጎብልስ ሞኝ አልነበረም። ሕዝብ ሁልጊዜ ሰልፍና መፈክር ብታሳየው እንደሚሰለቸው ያውቃል። በናዚ ዘመን ከ1,000 በላይ ረጃጅም ፊልሞች ተሠርተዋል፤ ግልጽ ፕሮፓጋንዳ የሆኑት ጥቂቶቹ ናቸው። አብዛኛው ፍቅር፣ ሙዚቃና ኮሜዲ ነው። በ1943 ከተሞች በቦምብ እየጋዩ ጀርመን ውስጥ ከ1 ቢሊዮን በላይ የሲኒማ ትኬት ተሸጠ። ሰው ሁለት ሰዓት ይስቃል፣ ይረሳል፣ ነገ ተነሥቶ ፋብሪካ ይገባል። የሊንገን ሳቅ ሚስቱን አተረፈ። ያው ሳቅ ጦርነቱን ለሚመሩት ሰዎችም ጠቀመ። ሁለቱን ለመለየት ሞከርኩ፤ አይለያዩም።

እስካሁን ጀርመን ውስጥ ከ40 በላይ የዘመኑ የፕሮፓጋንዳ ፊልሞች እንደ ልብ አይታዩም። መብታቸውን የያዘው የሙርናው ፋውንዴሽን እንዲታዩ የሚፈቅደው ማብራሪያና ውይይት አብሮ ሲኖር ነው። የሊንገን ኮሜዲዎች ግን ያለ ምንም ማብራሪያ በቴሌቪዥን ሲታዩ ኖረዋል። ይከልከሉ አልልም። ግን ፊልሙ ሲጀምር ሁለት ዓረፍተ ነገር ቢነገር ምን ነበረበት? ሞዘር ማን ነው፣ ሊንገን ማን ነው፣ ሚስቶቻቸው የት ነበሩ። ሳቁ አይጠፋም። እንዲያውም ሰው እነዚያን ሁለት አሽከሮች በሌላ ዓይን ያያቸዋል።

ጦርነቱ በ1945 አለቀ። ሊንገን ኦስትሪያ ቀረ፤ ዜግነቷንም ወሰደ። በ1948 ቪየና ያለው ታላቁ ቡርግቲያትር ገባ። ፊልሙም ወዲያው ቀጠለ። በ1950 ከሞዘር ጋር በአንድ የእግር ኳስ ኮሜዲ አብረው ወጡ። በ1952 ሃይዲ መጣ። ከዚያ በኋላ ያሉትን ለመቁጠር ያስቸግራል። በዓመት ሦስት፣ አራት፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ።

ፊልሞቹ ጥሩ ናቸው ወይ? አብዛኞቹ አይደሉም። ይህንን የምለው ሊንገንን እየወደድኩት ነው። ታሪኩ አንድ ዓይነት ነው። ሆቴል አለ፣ ሐይቅ አለ፣ ስም የተቀያየረባቸው ጥንዶች አሉ፣ መጨረሻ ላይ ሠርግ አለ። ምዕራብ ጀርመን ያኔ ፍርስራሽ እየጠረገች ቤት የምትሠራበት ዘመን ነው። ሰው ያለፈውን መስማት አይፈልግም። መጀመሪያ ላይ እንዲህ አልነበረም። በ1947 የጎትሻልክን ቤተሰብ ታሪክ መነሻ ያደረገ ፊልም በአራቱም የበርሊን ክፍሎች በአንድ ቀን ተከፍቶ፣ ከ10 ሚሊዮን በላይ ሰው አይቶት አልቅሷል። በሃምሳዎቹ ግን ያ በር ተዘጋ። በ1956 ምዕራብ ጀርመን ውስጥ ወደ 817 ሚሊዮን ትኬት ተሸጠ። ለእያንዳንዱ ነዋሪ በአማካይ 15 ጊዜ ሲኒማ መግባት ማለት ነው። ሰው የሄደው ለተራራ፣ ለዘፈንና ለሳቅ ነው። የሚያየውም ድሮ የሚያውቃቸውን ፊቶች ነው። እነ ሞዘር፣ እነ ሩህማን፣ እነ ሊንገን።

እኔ የሊንገን ተፈላጊነት ምሥጢሩ እዚህ ያለ ይመስለኛል። የሊንገን አሽከር ከጦርነቱ በፊትም በኋላም ያው ነው። ያው ጓንት፣ ያው ጎንበስ፣ ያው የአፍንጫ ድምፅ። ለተመልካቹ ይህ ትልቅ እፎይታ ነበር። አገር ፈርሶ፣ ሚሊዮኖች አልቀው፣ ያ ሰውዬ አልተለወጠም። በሩን ከፍቶ «ጌታዬ ምን ልታዘዝ?» ይላል። በመካከል ምንም ያልተፈጠረ ያስመስላል። አሽከር ደግሞ ታዛዥ ነው። አያዝም፣ አይወስንም፣ አይጠየቅም። «እኔ የታዘዝኩትን ነው የሠራሁት» ይሉ ለነበሩ ብዙ ሰዎች፣ ከዚህ ይበልጥ የሚያጽናና ገጸ ባሕርይ ከየት ይመጣል?

የሊንገንን አሽከር በደንብ ስታዩት ግን ሌላ ነገር አለ። እሱ ታዛዥ ብቻ አይደለም። ሁሉን ያያል። ጌታው ሲዋሽ ያውቃል፣ እመቤቲቱ ስታስመስል ያውቃል። ቅንድቡን በትንሹ ያነሣል፣ በቃ። ሳቁ የሚመጣው ከዚያች ቅንድብ ነው። ሰውነቱ «እሺ» ይላል፣ ፊቱ «አይ» ይላል። ይህን ጥበብ ከየት አመጣው? አንዱ ምንጭ የወጣትነቱ መድረክ ይመስለኛል። ብሬሽት ተዋናይ ገጸ ባሕርዩን ሆኖ እንዲጠፋ አይፈልግም፤ ከትንሽ ርቀት እንዲያሳየው ነው የሚፈልገው። ሊንገን ለኮሜዲ ያመጣው ይህንኑ ነው። አሽከሩን አልሆነም፤ አሳየው። እያንዳንዱ እርምጃ የተለካ ነው፣ እያንዳንዱ ዝምታ የተቆጠረ ነው። በዙሪያው ያሉት ይጮኻሉ፣ ይወድቃሉ፣ ይሯሯጣሉ። እሱ ግማሽ ሰከንድ ይዘገይና አንድ ቃል ይናገራል። ሌላው ምንጭ ሕይወቱ ነው ብል የተሳሳትኩ አይመስለኝም። ለ12 ዓመት ከሚፈራቸው ጌቶች ፊት ቀጥ ብሎ ቆሟል። ሁሉን እያየ፣ ምንም ሳይናገር።

ስድሳዎቹ ሲመጡ ዘመኑ ዞረበት። ቴሌቪዥን ሳሎን ገባ፣ ሲኒማ ቤቶች ተዘጉ። በ1962 ኦበርሃውዘን ከተማ ላይ 26 ወጣት የፊልም ሰዎች መግለጫ አወጡ። አሮጌው ፊልም ሞቷል አሉ። አሮጌው ፊልም ያሉት እነ ሊንገንን ነው። በ1970 የሚሸጠው ትኬት ወደ 160 ሚሊዮን ወረደ። ብዙዎቹ የሊንገን ዘመን ተዋንያን እየተረሱ ሄዱ።

እሱ አልተረሳም። በ1968 መጀመሪያ ላይ ስለ አንድ ትምህርት ቤት ቀልደኛ ፊልም ወጣ። ተማሪዎች መምህራኖቻቸውን የሚያሳብዱበት ፊልም ነው። ሊንገን የትምህርት ቤቱን ዳይሬክተር ዶክተር ጎትሊብ ታፍትን ተጫወተ። ሚሊዮኖች አዩት። ተከታታዩ እስከ 1972 ድረስ ቀጥሎ ሰባት ፊልም ሆነ። ተቺዎች አልወደዱትም፤ ለአንዳንዱ ክፍል እኔም አልፈርድባቸውም። ዓመቱን ግን ተመልከቱ። 1968 የጀርመን ተማሪዎች መንገድ ላይ ወጥተው አባቶቻቸውንና መምህራኖቻቸውን «በዚያ ዘመን እናንተ ምን ታደርጉ ነበር?» ብለው የጠየቁበት ዓመት ነው። ሲኒማ ቤት ውስጥ ደግሞ ልጆቹ አንድ አሮጌ ዳይሬክተር ላይ ይስቃሉ። ያው ጥያቄ በቀልድ መልክ መጣ ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ዶክተር ታፍት ራሱስ ማን ነው? ዳይሬክተር ቢባልም አሽከር ነው። ከላይ ያሉትን የትምህርት ባለሥልጣናት ይፈራል፣ ከታች ተማሪዎቹን ይፈራል። ክብሩን ጠብቆ ለመቆም ይታገላል። ሊንገን ያንን የፈራ ክብር እንደማንም አድርጎ ያሳየዋል። ልጆቹ ሲያታልሉት መጀመሪያ ይቆጣል። ቀጥሎ ፊቱ ላይ አንዲት ቅጽበት ድካም ታልፋለች። ፊልሞቹን ስታዩ ያችን ቅጽበት ጠብቁ።

ኮሜዲ ብቻ ነው የሠራው ማለት ግን አይቻልም። በ1964 ከጀርመናዊው ደራሲ ከቶማስ ማን ሥራ በተወሰደ ፊልም ላይ የዳንስ አስተማሪውን ክናክን ተጫውቷል። ትንሽ ክፍል ናት። መድረክ ላይ ደግሞ እስከ መጨረሻው ሠርቷል። የእንጀራ ልጁ ሃኔም መንገዷን አገኘች። አባቷ ብሬሽት የጻፈውን የቺካጎ የቄራ ቤቶች ዮሐና የሚባል ተውኔት በ1959 ሃምቡርግ ላይ ለመጀመሪያ ጊዜ በሙሉ መድረክ ሲወጣ ዮሐናን የተጫወተችው እሷ ናት። ያዘጋጀው ደግሞ ግሩንድገንስ ነው። አዎ፣ በናዚ ዘመን የሊንገን አለቃ የነበረው ሰው። ሰዎቹ አገር ፈርሶ ተሠርቶም ከአንድ ክፍል አልወጡም።

በ1970ዎቹ ሊንገን ለአዲስ ትውልድ በቴሌቪዥን ብቅ አለ። ከ1975 ጀምሮ በጀርመን ሁለተኛው ቴሌቪዥን የኮሜዲ ጥንዶቹን የሎሬልና ሃርዲን አሮጌ ፊልሞች ያስተዋውቅ ነበር። ሌሎች ሰዎችን አስተዋውቆ ፈቀቅ ይላል። በሩን እንደሚከፍት አሽከር።

ስለ ጦርነቱ ዘመን አደባባይ ወጥቶ ብዙ አላወራም። ጀግና ነበርኩ አላለም። ይህ ዝምታ ለእኔ ከባዱ ነገር ነው። ተናግሮ ቢሆን ኖሮ ለብዙ ሰው ይጠቅም ነበር፤ በተለይ በሳቁ ውስጥ ለተደበቁት ተመልካቾች። «ስትስቁ የነበረው ሚስቱን ለማትረፍ በሚሠራ ሰው ነው» ቢላቸው ያ «ምን ታደርጉ ነበር?» የሚለው ጥያቄ ቀደም ብሎ ይነሣ ነበር። አልተናገረም። ባለመናገሩ ቅር ይለኛል። ቤቱን ለማዳን በመረጠው መንገድ ግን አልፈርድበትም። ጎትሻልክ እምቢ ብሎ ሞተ፤ ሩህማን ፈታ፤ ሞዘር ለመነ፤ ሊንገን አሳቀ። ከአራቱ በአንዱም ላይ ድንጋይ ለማንሣት እጄ አይሄድም።

ቴዎ ሊንገን ኅዳር 10 ቀን 1978 ቪየና ውስጥ ሞተ። ከተማዋ በማዕከላዊ መካነ መቃብሯ የክብር ቦታ ሰጠችው። ማሪያኔ ዞፍ ከእሱ 10 ዓመት ትበልጠው ነበር። ከሞቱ በኋላ 6 ዓመት ኖራ፣ በ1984 በ91 ዓመቷ እዚያው ቪየና አረፈች።